ደሙ ቆመ ማለት ዳነ ማለት አይደለም!

መቼም እጁን ተቆርጦ የማያውቅ ሰው የለም። የበዓል ሰሞን ሽንኩርት ሲከትፉ፣ የተሰበረ ብርጭቆ ሲለቅሙ፣ አምሽተው ሲመጡ በሩ ተቆልፎባቸው ጠርሙስ የተሰካበት አጥር ሲዘሉ፣ ጋራዥ ውስጥ ቆርቆሮ ሲቆርጡ… ብቻ የማያገኘን የለም። ደሙ ቡልቅ ሲል ሁላችንም እንደነግጣለን። አንዷ ጎረቤት የቡና ዱቄት ይዛ ትሮጣለች፣ አንዱ ደግሞ ጨርቅ ቀዶ ያመጣል፣ ጥብቅ ተደርጎ ይታሰራል። ደሙ ይቆማል። «እሰይ፣ ምንም አይደል፣ ቆመ!» ተባብለን ወደየጉዳያችን እንበተናለን።

ብዙ ጊዜ በእርግጥም ምንም አይደለም። ላይ ላዩን የተጫረ ቁስል በሳምንት በአሥር ቀን ይደርቃል። ነገር ግን ከላይ ሲታይ ሁለት ሣንቲ ሜትር የማይሞላ፣ ከውስጥ ግን የደም ቧንቧ፣ ነርቭና ጅማት አንድ ላይ የበጠሰ ቁስልም አለ። እንዲህ ያለውን «ደሙ ቆሟል» ብሎ መተው ጣትን፣ ሲብስም እንጀራን ያሳጣል።

ዛሬ ሁለት ነገር ይዛችሁልኝ እንድትሄዱ እፈልጋለሁ። አንደኛው፣ እጅ ሲቆረጥ ደሙን ማቆም የሥራው ግማሽ ብቻ ነው። ሁለተኛው ደግሞ ብዙዎቻችን የማናስበው ነው፤ ሐኪም ቤት ከሄዳችሁ በኋላ ካርዳችሁ ላይ የሚጻፈው የጉዳቱ ስም ከስፌቱ ባልተናነሰ ያስፈልጋችኋል።

እጃችን ውስጥ ምን ምን አለ?

የትምህርት ቤት ባዮሎጂ ከራሳችሁ ከጠፋ ላስታውሳችሁ። ከልብ ወደ ሰውነት ደም የሚወስደው ቧንቧ ደም ቅዳ፣ የሚመልሰው ደግሞ ደም መልስ ይባላል። ወደ መዳፋችን በዋናነት ሁለት ደም ቅዳዎች ይገባሉ። አንዱ በአውራ ጣት በኩል የሚያልፈው ነው፤ ሐኪሞች ራዲያል ይሉታል። የልብ ምት ሲለካ ነርሷ ጣቷን የምታሳርፈው እሱ ላይ ነው። ሌላው በትንሿ ጣት በኩል የሚመጣው አልናር ነው። ሁለቱ መዳፍ ውስጥ ይገናኙና እንደ ቀስት የጎበጡ ሁለት መሥመሮች ይሠራሉ፤ አንደኛው ለቆዳ ቀረብ ያለ፣ ሁለተኛው ጠለቅ ያለ። ከነዚህ ቀስቶች ወደ ጣቶች ቅርንጫፎች ይወጣሉ። እያንዳንዱ ጣት ግራና ቀኙን ሁለት ደም ቅዳዎች አሉት።

ተፈጥሮ መጠባበቂያ አበጅታልናለች ማለት ነው። አንዱ ቧንቧ ቢቆረጥ ሌላው ደም ያደርሳል። ለዚህ ነው አንድ ደም ቅዳ ተበጥሶም እጁ ሞቅ እንዳለ፣ መልኩም ሳይለወጥ ሊቆይ የሚችለው። ይሁን እንጂ መጠባበቂያው ሁሉም ሰው ላይ እኩል አይሠራም። አሜሪካዊው ሐኪም ኤድጋር አለን እ.ኤ.አ. በ1929 ያስተዋወቁት አንድ ቀላል ፈተና አለ፤ ተሻሽሎ እስከ ዛሬ ይሠራበታል። ሰውየው እጁን ይጨብጣል፣ ሐኪሙ አንጓው ላይ ሁለቱንም ቧንቧዎች ይጫናል፣ እጁ ሲከፈት መዳፉ ነጣ ብሎ ይታያል። ከዚያ አንዱ ቧንቧ ይለቀቃል። መዳፉ ቶሎ ቀላ ካለ ያ ቧንቧ ብቻውን እጁን መመገብ ይችላል ማለት ነው። ይህ እንግዲህ የሐኪም ሥራ ነው፤ ትኩስ ቁስል ላይ እቤት እንሞክረው እንዳትሉ!

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ። እነዚህ ቧንቧዎች ብቻቸውን አይሄዱም። አልናር ደም ቅዳ አንጓችን ላይ ከአልናር ነርቭ ጋር ጎን ለጎን ነው። ጣቶቻችን ላይም ቧንቧውና ነርቩ ተያይዘው ነው የሚሄዱት። እንዲያውም በመዳፍ በኩል ስንቆረጥ ስለቱ ከቧንቧው በፊት የሚያገኘው ነርቩን ነው። ስለዚህ ከጣት ላይ ደም እየዘለለ ከወጣ ነርቩም ሳይቆረጥ አልቀረም ብሎ መጠርጠር የግድ ነው።

አንድ ሌላ ጉድ ልንገራችሁ። ሙሉ በሙሉ የተበጠሰ ደም ቅዳ በከፊል ከተቀደደው ይልቅ ቶሎ ሊቆም ይችላል! የተበጠሱት ሁለት ጫፎች ወደ ውስጥ ተሸሽገው ይኮማተራሉ፣ አፋቸውም ይጠባል፣ ደሙም ይረጋል። በከፊል የተቀደደው ግን መሸሽ ስለማይችል ቀዳዳው ተከፍቶ ይቀራል። እንግዲህ «ቶሎ ቆመ» ማለት «ትንሽ ነው የተቆረጠው» ማለት እንዳልሆነ እዩልኝ።

የፀጉር ቤቱ ልጅ

የማውቀው አንድ ልጅ አለ፤ ስሙ ይቆየን። ፀጉር አስተካካይ ነው፤ ቅዳሜ ቅዳሜ ወረፋ የሚጠበቅለት ዓይነት። አንድ ምሽት ከፍቅረኛው ጋር በስልክ ተጣላ። ምን እንዳለችው እሱና እሷ ያውቃሉ። ብቻ ስልኩን ዘጋና የፀጉር ቤቱን የመስታወት በር በቡጢ መታው። መስታወቱ ተሰባበረ፤ እሱም አንጓው ላይ፣ በትንሿ ጣት በኩል ተቆረጠ።

ጓደኞቹ እንደነገሩኝ ደሙ እየዘለለ ነበር የሚወጣው። ቡና ተነሰነሰበት፣ በፎጣ ታሰረ፣ ትንሽ ቆይቶ ቆመ። በነጋታው ክሊኒክ ሄደ። ቡናው በስንት መከራ ታጥቦ ወጣ፣ አራት ቦታ ተሰፋ፣ ካርዱ ላይ «የእጅ መቆረጥ» ተብሎ ተጻፈ። በቃ። ጣትህ ይሰማሃል ወይ ብሎ የጠየቀው የለም። እሱም ትንሿ ጣቱና ጎረቤቷ መደንዘዛቸውን አልተናገረም። «ፋሻው የጠበቀ መስሎኝ ነው» ይላል።

ሦስት ሳምንት ቆይቶ ጠባሳው ሥር እብጠት ወጣ። ሌላ ሐኪም ቤት ሄደና ካርዱን አሳየ። ካርዱ «የእጅ መቆረጥ» ነው የሚለው። እብጠቷ መግል የቋጠረች መሰላቸውና ሊከፍቷት ተዘጋጁ! ደግነቱ አንዲት ነርስ ጣቷን ስታሳርፍባት እንደ ልብ ትመታለች። «ቆይ፣ ቆይ፣ ይህ መግል አይደለም!» አለች። ሪፈር ተጽፎለት ትልቅ ሆስፒታል ገባ። ነገርየው ለካ ከተቀደደው ደም ቅዳ እየሾለከ የወጣ ደም የሠራው ከረጢት ነው። ሐኪሞች ሐሰተኛ አኑሪዝም ይሉታል። በምላጭ ቢከፈት ኖሮ ምን ሊሆን እንደሚችል አስቡት። ሲታይ ደግሞ አጠገቡ ያለው ነርቭም ተቆርጧል።

ቀዶ ሕክምና ተደርጎለት እጁ ተርፏል። ነርቩም ተሰፍቷል። ነገር ግን ነርቭ ከተሰፋ በኋላ የሚያድገው በቀን 1 ሚሊ ሜትር ገደማ ነው። ከአንጓ እስከ ጣት ጫፍ ያለውን መንገድ እናንተው ለኩት፤ ወራት የሚፈጅ ነው። ዘግይቶ የተሰፋ ነርቭ ደግሞ በጊዜው እንደተሰፋው አይሆንም። ልጁ ዛሬም ማበጠሪያውን በጣቶቹ መሃል ሲይዝ ያመልጠዋል። የቅዳሜው ወረፋም ወደ ሌላ ወንበር ዞሯል።

ደሙ ሲፈስ ምን እናድርግ?

አንደኛ፣ ቁስሉን በቀጥታ መጫን ነው። ንጹህ ጨርቅ ወይም ጎዝ አጥፎ፣ በትክክል የሚደማው ቦታ ላይ አድርጎ፣ ጠበቅ አድርጎ ለ10 ደቂቃ መጫን። ሰዓት ያዙ! «ቆመ ወይ?» እያሉ በየደቂቃው መግለጥ የለም፤ የረጋውን ደም መልሶ መቀስቀስ ነው። ጨርቁ ከራሰ ሌላ ደርቦ ይበልጥ መጫን።

ሁለተኛ፣ እጁን ከልብ ከፍ ማድረግ። ሰውየው ይቀመጥ፤ ካዞረው ወይም ካላበው ይጋደም። በአንድ አዋቂ ሰው ሰውነት ውስጥ ያለው ደም 5 ሊትር ገደማ ነው፤ የሚቀለድበት አይደለም።

ሦስተኛ፣ ቀለበት፣ አምባርና ሰዓት ቶሎ ማውለቅ። እጅ ሲያብጥ ቀለበት ጣትን ያንቃል። የቃል ኪዳን ቀለበት ነው ብላችሁ አትሟገቱ፤ ጣቱ ከተረፈ ቀለበቱ መመለሱ አይቀርም።

አራተኛ፣ ቁስሉ ውስጥ የተሰካ ጠርሙስ ወይም ብረት ካለ አለመንቀል። አንዳንዴ ደሙን የወተፈው እሱ ራሱ ነው። ግራና ቀኙን ተጭኖ እንዳለ ወደ ሐኪም ማድረስ።

አምስተኛ፣ በሲባጎ፣ በጫማ ክር ወይም በላስቲክ ጣትን አንቆ አለማሰር። ቀጭን ነገር ቆዳውንና ነርቩን ይጎዳል፤ ተረስቶ ከቆየ ደግሞ ጣቱን ይገድለዋል። በቀጥታ ተጭነን እንቢ ካለና ደሙ ለሕይወት የሚያሰጋ ከሆነ ብቻ፣ ከቁስሉ በላይ ክንዱ ላይ ሰፋ ባለ ጨርቅ ጠንክሮ ይታሰራል። የታሰረበት ሰዓት ይጻፋል፣ የሚፈታውም ሐኪም ነው።

ስድስተኛ፣ የቡና ዱቄት፣ ትምባሆ፣ ጭቃ፣ ቤንዚን… ይቅርባችሁ! እናቶቻችን በደግ ልብ ነው የሚያመጡት፣ አናስቀይማቸው። ነገር ግን ዱቄቱ ቁስሉ ውስጥ ገብቶ ይበክላል፤ ሐኪሙም የተበጠሰውን እንዳያይ ይጋርደዋል። ቡናው ለአስታማሚዎች ይፈላ።

መኪና ካልተገኘ የቀይ መስቀል አምቡላንስ በ907፣ አዲስ አበባ ውስጥ ደግሞ የእሳትና አደጋ ሥጋት በ939 ይጠራል። አዲስ አበባ ያላችሁ አቤት ሆስፒታል ለአደጋና ለድንገተኛ ሕክምና ተብሎ የተቋቋመ መሆኑን አትርሱ።

የቱ ነው የሚያስሮጠው?

ከሚከተሉት አንዱን ካያችሁ «ነገ እሄዳለሁ» አይሠራም፤ ያኔውኑ ነው። ደሙ እየዘለለ ከወጣ፤ 10 ደቂቃ ተጭናችሁት ካልቆመ፤ ጣቱ ከሌሎቹ ይልቅ ከነጣ፣ ከጠቆረ ወይም ከቀዘቀዘ፤ የጣቱ ጫፍ ከደነዘዘ ወይም መርፌ መርፌ ካለ፤ ጣቱ አልታጠፍ ወይም አልዘረጋ ካለ፤ እጁ እያበጠና እየተወጠረ ከመጣ። ጥፍሩንም ተጫኑት፤ ነጣ ይላል። ስትለቁት በ2 ሰከንድ ገደማ ካልቀላ ደም በደንብ እየደረሰው ላይሆን ይችላል።

እነዚህ ሁሉ ባይኖሩም ቁስሉ ጠለቅ ካለ የመንጋጋ ቆልፍ ክትባት ስለሚያስፈልግ መታየቱ አይቀርም። ከሳምንታት በኋላ ደግሞ ጠባሳው ሥር የምትመታ እብጠት ከወጣች ማንም በምላጭ እንዳይነካት። «ትመታለች» ብላችሁ በአፋችሁ ተናገሩ።

መናገሩ ላይ ልጨቅጭቃችሁ። ሐኪም ፊት ስንቀርብ አብዛኞቻችን «ተቆርጬ ነው» ብለን ዝም ነው። «ጫፉ አይሰማኝም»፣ «ይህቺ ጣት አልታጠፍ አለች»፣ «ደሙ ሲዘል ነበር» የሚሉት ቃላት ግን የሕክምናውን መንገድ ሙሉ በሙሉ ይለውጡታል። ማደንዣ ከመወጋታችሁ በፊት ተናገሩ፤ ከማደንዣ በኋላማ ጣቱ መደንዘዙ አይቀርም!

ካርዱ ላይ ምን ተጻፈ?

በዓለም ዙሪያ እያንዳንዱ ሕመምና ጉዳት ኮድ አለው። ነገሩ የተጀመረው የሞት ምክንያቶችን ከመመዝገብ ነው። ፈረንሳዊው የስታቲስቲክስ ሰው ዣክ ቤርቲዮን እ.ኤ.አ. በ1893 የሞት ምክንያቶች ዝርዝር አቀረበ። በየጊዜው እየታረመ ሄዶ በ1948 የዓለም ጤና ድርጅት ተረከበው፤ ከሞት ምክንያት አልፎም ሕመምንና ጉዳትን ያዘ። አሥረኛው እትም በ1990 ጸደቀ፤ አሥራ አንደኛው ከ2022 መጀመሪያ አንሥቶ ሥራ ላይ እንዲውል ተወስኗል።

በአሥረኛው እትም «ኤስ 61» ማለት የአንጓና የእጅ ክፍት ቁስል ነው። «ኤስ 64» የነርቭ ጉዳት ነው። «ኤስ 66» የጡንቻና የጅማት ነው። የእኛው የዛሬው ጉዳይ፣ የአንጓና የእጅ የደም ቧንቧ ጉዳት፣ «ኤስ 65» ነው። እሱም ይዘረዘራል፦ ነጥብ 0 አልናር፣ ነጥብ 1 ራዲያል፣ ነጥብ 2 ለቆዳ ቅርብ የሆነው ቀስት፣ ነጥብ 3 ጥልቁ ቀስት፣ ነጥብ 4 የአውራ ጣት ቧንቧዎች፣ ነጥብ 5 የሌሎቹ ጣቶች፣ ነጥብ 7 ብዙ ቧንቧዎች አንድ ላይ ሲጎዱ። መጨረሻ ላይ ነጥብ 9 አለች፤ «የቱ እንደሆነ ያልተገለጸ» ማለት ናት።

አሁን የፀጉር ቤቱን ልጅ ካርድ አስቡት። «የእጅ መቆረጥ» ማለት በኮድ ቋንቋ «ኤስ 61» ብቻ ነው። ቆዳ ተቆረጠ፣ ቆዳ ተሰፋ፣ አለቀ። እውነተኛው ጉዳቱ ግን «ኤስ 65.0» እና «ኤስ 64.0»፣ ማለትም አልናር ደም ቅዳና አልናር ነርቭ ነበር። የመጀመሪያው ቀን ይህ ተጻፈ ማለት ሪፈር ይጻፋል፣ የእጅ ቀዶ ሐኪም ያያል፣ ቀጠሮ ይያዛል ማለት ነው። ቢያንስ ቢያንስ ሁለተኛው ሐኪም ቤት ያቺን እብጠት ለመክፈት አይቸኩልም ነበር። ኮዱ በራሱ አያድንም፤ ኮዱን ለመጻፍ ግን መጀመሪያ ማየት፣ መጠየቅና መመርመር ያስፈልጋል። ጥቅሙ እዚህ ላይ ነው።

አሜሪካ ያሉ ዘመዶቻችን ይህንን ጉዳይ በሂሳብ ደብዳቤ በኩል ያውቁታል። እዚያ የሕክምና ኮዲንግ ራሱን የቻለ ሙያ ነው። ኮደሩ ሐኪሙ የጻፈውን አንብቦ ወደ ኮድ ይለውጣል፤ ኢንሹራንሱም በዚያ ላይ ተመሥርቶ ይከፍላል ወይም አልከፍልም ይላል። አሜሪካኖቹ ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 ጀምሮ የሚጠቀሙበት የአሥረኛው እትም የራሳቸው ቅጂ ደግሞ ረዘም ይላል። ለምሳሌ «ኤስ 65.011 ኤ» ማለት የቀኝ እጅ አልናር ደም ቅዳ በስለት መቆረጥ፣ ሕክምናው ገና በመሰጠት ላይ ያለ ማለት ነው። በግራ እጅ ከሆነ «ኤስ 65.012» ይሆናል። መጨረሻዋ ፊደል «ዲ» ስትሆን በሽተኛው እያገገመ ለክትትል መጥቷል፤ «ኤስ» ስትሆን ጉዳቱ ጥሎት የሄደው ጠንቅ ነው የሚታከመው።

አንድ ደንብም አላቸው። ዋናው ጉዳት የቆዳው ሆኖ ቧንቧው ወይም ነርቩ በጥቂቱ ከተነካ የቆዳው ቁስል ይቀድማል፣ ሌላው ይከተላል። ዋናው ጉዳት የቧንቧው ወይም የነርቩ ከሆነ ግን እሱ ነው ከፊት የሚጻፈው። ኮደሩ ደግሞ ሐኪሙ ያልጻፈውን ከራሱ ፈጥሮ መጻፍ አይችልም። «የእጅ መቆረጥ» ብቻ ከተጻፈለት እሱም ያንኑ ነው የሚኮድደው።

«እኛ አገር ምን ያደርግልናል?» የሚል አይጠፋም። ብዙ ያደርጋል! ሥራ ላይ እያላችሁ የተቆረጣችሁ፣ ግራይንደር የያዛችሁ፣ መስታወት የምትገጥሙ፣ ወጥ ቤት የምትሠሩ ስሙኝ። የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 በሥራ ላይ ስለሚደርስ ጉዳትና ስለ ካሣ ይደነግጋል፤ የጉዳቱ መጠን የሚወሰነውም በሕክምና ማስረጃ ነው። «የእጅ ቁስል፣ ተሰፍቶ ተሸኝቷል» የሚል ወረቀት ይዞ «ሁለት ጣቴ አይሠራም» ብሎ መከራከር እንዴት እንደሚከብድ እናንተው ገምቱት።

ስለዚህ ከሐኪም ቤት ከመውጣታችሁ በፊት በትሕትና ሦስት ነገር ጠይቁ። «ዶክተር፣ የተጎዳው የቱ ነው፤ ቆዳ ብቻ ነው ወይስ ቧንቧ፣ ነርቭ፣ ጅማት?» «ካርዱ ላይ ተጽፎልኛል? የቀኝ ወይም የግራ መሆኑና የትኛው ጣት እንደሆነስ?» «መቼ ልመለስ?» ከዚያ የተጻፈውን በስልካችሁ ፎቶ አንሡት። ካርድ ክፍል ካርድ ሲጠፋ ያየ ያውቀዋል!

ሐኪሙ ምን ያደርጋል?

የደም ቧንቧ መስፋት የቆየ ጥበብ እንዳይመስላችሁ። እ.ኤ.አ. በ1894 የፈረንሳዩ ፕሬዚዳንት ሳዲ ካርኖ ሊዮን ከተማ ውስጥ በጩቤ ተወጋ። ጉበቱ አጠገብ ያለው ትልቅ ቧንቧ ተቆርጦ ነበርና ሐኪሞች እያዩት ሞተ፤ ቧንቧ እንዴት እንደሚሰፋ አያውቁም ነበር። በዚያው ከተማ ሕክምና ይማር የነበረው አሌክሲስ ካሬል ነገሩ ከነከነው። ቀጭን መርፌና የሐር ክር አያያዝን ከአንዲት የሊዮን ጥልፍ ጠላፊ ተማረ ይባላል! ቧንቧን ጫፍ ለጫፍ መስፋት የሚቻልበትን ዘዴ አውጥቶ በ1912 የኖቤል ሽልማት ተሸለመ። የጥልፍ ሥራን የምትንቁ ካላችሁ እንግዲህ…

እጅና ጣት ላይ ያሉት ቧንቧዎች ግን ቀጫጭን ናቸው፤ በማይክሮስኮፕ እየታዩ ነው የሚሰፉት። ጃፓናውያኑ ኮማትሱና ታማይ በ1965 ሙሉ በሙሉ የተቆረጠ አውራ ጣትን በዚህ ዘዴ መልሰው በመትከል የመጀመሪያዎቹ ሆኑ።

የተቆረጠ ቧንቧ ሁሉ ይሰፋል ማለት አይደለም። መጠባበቂያው በደንብ እየሠራ ከሆነ ሐኪሙ የተበጠሰውን ቋጥሮ ሊተወው ይችላል። እጁ ወይም ጣቱ ደም ካጠረው ግን ጫፍ ለጫፍ ይሰፋል፤ ክፍተቱ ሰፊ ከሆነም ከሌላ ቦታ ደም መልስ ተወስዶ ይቀጠላል። ይህንን ለማወቅ ቁስሉ ተከፍቶ፣ ደሙ ለጊዜው ተገቶ፣ በጥሩ ብርሃን መታየት አለበት።

ጣት ሙሉ በሙሉ ከተቆረጠስ? የተቆረጠውን በውኃ በራሰ ንጹህ ጎዝ ጠቅልሉት፤ የሐኪም ቤቱ ሳላይን ከተገኘ የተሻለ ነው። ፌስታል ውስጥ ከትታችሁ እሰሩት። ፌስታሉን በረዶና ውኃ ላይ አስቀምጡት። ጣቱ በረዶውን በቀጥታ መንካት የለበትም፣ ውኃ ውስጥም አይነከር። ሳይቀዘቅዝ 12 ሰዓት፣ ቀዝቅዞ 24 ሰዓት ገደማ ሊቆይ ይችላል። ሙሉ እጅ ከሆነ ግን ጡንቻ ስላለው ጊዜው በግማሽ ያጥራል። መልሶ መትከል በየሐኪም ቤቱ የሚሠራ አይደለም፤ በደንብ ተይዞ ካልመጣ ግን ጭራሽ አይታሰብም።

አያቶቻችን የሚያውቁት አልቅትም እዚህ ታሪክ ውስጥ አለ። የተተከለ ጣት ደም ገብቶለት መውጫ ሲያጣ ይጠቁራል፣ ያብጣል። ያኔ ሐኪሞች ለሕክምና የተረባ አልቅት ያስነክሱታል። የአሜሪካ የምግብና መድኃኒት ቁጥጥር መሥሪያ ቤት በ2004 ፈቅዶታል። ይህ ሐኪም ቤት ውስጥ ነው እንጂ ከወንዝ አምጥታችሁ እንዳትሞክሩት!

ከታከሙ በኋላ

የተሰፋ ቧንቧ ጠላቱ መጥበብ ነው። ሲጋራና ሺሻ የደም ቧንቧን ያጠብባሉ፤ ጫትም እንዲሁ። ብዙ ቀዶ ሐኪሞች ለተወሰነ ጊዜ ቡናንም ይከለክላሉ። አውቃለሁ፣ ከባድ ነው፤ ግን ለጣት ሲባል ይቻላል። እጁን ከብርድ ጠብቁት። የደነዘዘ ጣት ሙቀት ስለማይሰማው ጀበና ሲያቃጥለው አያውቅም፤ ዓይናችሁ ይጠብቀው። የታዘዘላችሁን የጣት እንቅስቃሴ ሳትሰንፉ ሥሩ።

ሳይቆረጡም መጎዳት አለ። ጋራዥና ብረታ ብረት ቤት የምትሠሩ፣ መዶሻ ስታጡ በመዳፋችሁ ሥር የምትመቱ፣ ከትንሿ ጣት ሥር ያለው አልናር ደም ቅዳ አጥንት ላይ እየተቀጠቀጠ ሊዘጋ ይችላል። ጣታችሁ በብርድ ነጥቶ የሚያማችሁ ከሆነ ታዩ። መዶሻም ተበደሩ!

የመስታወቱን ነገር ደግሞ ሳልናገር አልሰናበትም። ወንድሜ፣ እህቴ፣ ፍቅር ያናድዳል፣ አይካድም። ስልክ ዝጉ፣ ውጡና በእግራችሁ ተጓዙ፣ ትራስ ደብድቡ፣ ከፈለጋችሁ አልቅሱ። መስታወት ግን ምንም አላደረጋችሁም። የተናደዳችሁበት ነገር በሳምንቱ ሊረሳ ይችላል፤ የተቆረጠ ነርቭ ግን በቀን 1 ሚሊ ሜትር ነው የሚመለሰው፣ እሱም ከተመለሰ።

ጨክኖ ያገኘን እንደሆነም ተጫኑት፣ ከፍ አድርጉት፣ ሂዱ፣ ተናገሩ፣ ይጻፍላችሁ። እጃችሁን ያኑርላችሁ፤ ሳምንት ሰው ይበለን።